ወዳጅ የማይበረክትላት አገር

ማዘር ቴሬዛን የማያውቅ አዲስ አበቤ ያለ አይመስለኝም። ስድስት ኪሎ ያለውን ቤታቸውን፣ ሰማያዊ ጥለት ያለው ነጭ ልብስ የለበሱትን መነኮሳት፣ ጠያቂ የሌላቸውን ሕሙማን ደጃፍ ላይ ሲቀበሉ ያየ ብዙ ነው። እኒህ እናት የገዛ እናታቸውን አስታምመው ለመቅበር ሳይታደሉ መቅረታቸውን የሚያውቅ ግን ጥቂት ነው።

ትውልዳቸው በስኮፕዬ ከተማ፣ ከአልባኒያውያን ቤተሰብ ነው። በ1928፣ በአሥራ ስምንት ዓመታቸው፣ ለምንኩስና ከቤት ሲወጡ እናታቸው ድራኔ ሸኟቸው። ከዚያ ወዲያ አልተያዩም። (በዚህ ምዕራፍ የሚጠቀሱት ቀናትና ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ድራኔና ሌላዋ ሴት ልጃቸው አጌ ኑሯቸውን ወደ አልባኒያ ዋና ከተማ ወደ ቲራና አዛወሩ፤ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የአገሪቱ በር ሲዘጋ እዚያው ውስጥ ቀሩ። እናት አርጅተው ልጃቸውን ለማየት ጓጉ። ልጅ ደጅ ጠኑ፤ ትልልቅ ሰዎችም አማላጅ ሆነው ገቡ። የቲራና መንግሥት ለእናት መውጫ፣ ለልጅ መግቢያ ከለከለ። ድራኔ በ1972 አረፉ፤ አጌ በዓመቱ ተከተለቻቸው። ማዘር ቴሬዛ የኖቤል ሽልማት የተቀበሉት በ1979፣ አልባኒያን የረገጡት ደግሞ በ1989 ነው። የጠበቃቸው ሁለት መቃብር ነበር።

ሁለት ሴቶች ተገናኝተው ቢላቀሱ የሚናጋ መንግሥት ምን ዓይነት መንግሥት ነው? ይህን ጥያቄ ይዤ ስለ አልባኒያ ማንበብ ከጀመርኩ ቆየሁ። ስለ እንዲህ ዓይነት አገር ሲጻፍ የውጭ ግንኙነቱ በአንድ ምዕራፍ፣ እስር ቤቱ በሌላ ምዕራፍ ይቀመጣል። እኔ ሁለቱን ለመነጠል ሞክሬ አልሆነልኝም። አልባኒያ ከአንድ ወዳጅ አገር ጋር በተጣላች ቁጥር ቲራና ውስጥ ሰው ይረሸን ነበር። ትናንት የዚያን አገር ቋንቋ የተማረ፣ ከዚያ አገር ሚስት ያገባ፣ የዚያን አገር አማካሪ እጅ የጨበጠ ሁሉ በማግሥቱ ሰላይ ነው። ከአርባ ዓመት በላይ የዘለቀው የመነጠል ታሪክ የእነዚህ ሰዎች ታሪክ ነው፤ በእነሱ በኩል ካልተነገረ አይገባም።

የአልባኒያ ታሪክ ከእኛ ታሪክ ጋር በአንድ ንጉሥ ማዕረግ ላይ ይገናኛል። አዲስ አበባ በፋሽስት እጅ ከወደቀች ሦስት ዓመት ሊሞላ ሲል፣ ኤፕሪል 7 ቀን 1939፣ የምዕራባውያን ስቅለት ዕለት፣ የሙሶሊኒ ጦር አልባኒያ ገባ። ንጉሥ ዞግ አራስ ሚስቱንና በተወለደ ሁለተኛ ቀኑ የነበረውን ልጁን ይዞ ወደ ግሪክ ሸሸ። ከዚያ በኋላ ሮም የሚታወጁ ሕጎች ቪክቶር አማኑኤል ሣልሳዊን የኢጣሊያና የአልባኒያ ንጉሥ፣ የኢትዮጵያ ንጉሠ ነገሥት እያሉ ይጀምሩ ነበር። በአንድ ባለማዕረግ ስም የተጠቀለሉ ሁለት አገሮች ነበርን።

የአልባኒያ ኮሚኒስት ፓርቲ የተመሠረተው እኛ ነፃ በወጣንበት በ1941፣ በኖቬምበር ወር፣ ከዩጎዝላቪያ በመጡ ጓዶች አዋላጅነት ነው። መሪ ሆኖ የወጣው ኤንቨር ሆጃ የጂሮካስተር ከተማ ልጅ ነው፤ በመንግሥት ገንዘብ ፈረንሳይ ሞንፔሊየ ተልኮ ትምህርቱን ሳይጨርስ የተመለሰ፣ ኮርቻ ከተማ በሚገኘው ሊሴ ፈረንሳይኛ ያስተማረ፣ ከሥራ ሲባረር ቲራና ውስጥ የትምባሆ ሱቅ ይዞ ሱቁን የአባላት መመልመያ ያደረገ ሰው። ቁመናው ያማረ፣ አንደበቱ የቀና፣ አንባቢ ነበር። በ1944 መጨረሻ፣ በኢጣሊያኖች እግር የተተኩት ጀርመኖች ሲወጡ አገሩ ውስጥ አንድም የሶቪየት ወታደር አልነበረም። የአልባኒያ ሽምቅ ተዋጊዎች አገራቸውን በገዛ እጃቸው ነፃ አወጡ። ይህ የሕዝቡ እውነተኛ ኩራት ነበር፤ ሆጃ ኩራቱን የግል ንብረቱ አደረገው።

የመጀመሪያው ቁርጥ ከምዕራቡ ጋር ነው። እዚህ ላይ አንዲትን ሴት ቀረብ ብዬ ላሳያችሁ። ሙሲኔ ኮካላሪ እንደ ሆጃ ሁሉ የጂሮካስተር ሰዎች ልጅ ናት። ሮም ሥነ ጽሑፍ ተምራለች፤ በ1941 የአያቶችን ወግና ተረት በአገሯ ሴቶች ቋንቋ ጽፋ ያሳተመችው መጽሐፍ አልባኒያ ውስጥ በሴት ከታተሙት የመጀመሪያዎቹ አንዱ ነው። ሽምቅ ተዋጊዎቹ ቲራናን በያዙበት ሰሞን ሁለት ወንድሞቿን ያለ ፍርድ ረሸኑባት። እሷ ግን አልሸሸችም። ከጥቂት ሰዎች ጋር ሆና በዲሴምበር 1945 የሚደረገው ምርጫ ይራዘም፣ የውጭ ታዛቢ ይገኝበት የሚል ማመልከቻ ቲራና ለነበሩት የአሜሪካና የእንግሊዝ ልዑካን አስገባች። ወንጀሏ ይኸው ነው። በቀጣዩ ዓመት ከሌሎች ሠላሳ ስድስት ሰዎች ጋር ሕዝብ በተሰበሰበበት፣ ችሎቱ በድምፅ ማጉያ አደባባይ ድረስ በሚሰማበት አዳራሽ ቀረበች። የዚያን ቀን ፎቶግራፏ ዛሬም አለ፦ ለወንድሞቿ ሐዘን ጥቁር ሻሽ ጠምጥማ፣ ቀጥ ብላ ቆማ፣ ዓይኗን ሳትሰብር ወደ ፊት ታያለች። ሃያ ዓመት ተፈረደባት። ዕድሜዋ ሃያ ዘጠኝ ነበር።

አሥራ ስድስት ዓመት ገደማ ቡሬል እስር ቤት ከቆየች በኋላ የተለቀቀችው ወደ ግዞት ነው። ረሸን በምትባል የሰሜን ከተማ ጡብና ጭቃ ተሸከመች፤ ቆየት ብላም የመንገድ ጠራጊ ሆነች። ሮም ዲግሪ የጫነች ደራሲ በየማለዳው በመጥረጊያ የሰው ደጅ ስትጠርግ ሰላምታ የሚሰጣት አልነበረም፤ ሰላም ያላት ሰው ስሙ ይመዘገባልና። ካንሰር ሲይዛት አልጋ ከለከሏት። በ1983 ብቻዋን ሞተች። ጥፋቷ የአገሯን ጉዳይ ለባዕድ ማመልከቷ ነው ተባለ። አገር ውስጥ አቤት የሚባልበት ደጅ ሲጠፋ ሰው የት ይሂድ? በእንዲህ ዓይነት አገር የመብት ጥያቄ ሁሉ ዞሮ ዞሮ የውጭ ጉዳይ የሚሆነው ለዚህ ነው።

ከእንግሊዝና ከአሜሪካ ጋር የቀረው ክር ወዲያው ተበጠሰ። በኦክቶበር 1946 ሁለት የእንግሊዝ የጦር መርከቦች በኮርፉ ወሽመጥ ከፈንጂ ጋር ተላትመው አርባ አራት ባሕረኞች ሞቱ። ጉዳዩ የዓለም አቀፉ ፍርድ ቤት የመጀመሪያው ክርክር ሆነ፤ አልባኒያ ካሣ እንድትከፍል ተፈረደባት፣ አልከፍልም አለች። እንግሊዝም ከናዚዎች የተወረሰውን የአልባኒያ ወርቅ አልሰጥም ብላ ሃምሳ ዓመት ገደማ ያዘችው። አሜሪካኖቹም በዚያው ኖቬምበር ቢሯቸውን ዘግተው ሄዱ።

ቀጥሎ የዩጎዝላቪያ ተራ መጣ። ቤልግሬድ ትንሿን ጎረቤቷን ሰባተኛ ሪፐብሊክ አድርጋ ልትጠቀልላት ስትዘጋጅ በጁን 1948 ስታሊንና የዩጎዝላቪያው መሪ ቲቶ ተጣሉ። ሆጃ በፍጥነት ከስታሊን ጎን ተሰለፈ፤ የዩጎዝላቪያ አማካሪዎች በቀናት ውስጥ ጓዛቸውን ጠቅልለው ወጡ። ሙሲኔን የመሰሉትን ሲያሳድድ የነበረው የአገር ግዛት ሚኒስትር ኮቺ ዞዜ የቤልግሬድ ወዳጅ ነበርና በ1949 ራሱ በሞት ተቀጣ። የገራፊው መገረፍ ማንንም ደስ ሊያሰኝ አይገባም፤ ዱላው ያው ነው፣ የተለወጠው ጀርባው ብቻ ነው።

አሁን ጠላት በሦስት በኩል ሆነ። እንግሊዝና አሜሪካ ስደተኞችን አሠልጥነው በፓራሹትና በጀልባ ያስርጉ ጀመር፤ ምሥጢሩ አስቀድሞ ለሶቪየት በሚሠራው የእንግሊዝ ሰላይ በኪም ፊልቢ በኩል ለሞስኮ ይደርስ ስለነበር አብዛኞቹ ተይዘው አለቁ። ሥጋቱ መሠረት አልነበረውም ማለት አይቻልም። ሥጋቱ ግን ማንን ለመምታት እንደዋለ እዩ። በፌብሩዋሪ 1951 የሶቪየት ኤምባሲ ግቢ ውስጥ ፈንጂ ተወረወረ፤ ሰው አልሞተም። በሳምንቱ ሃያ ሁለት ምሁራንና ነጋዴዎች ያለ ፍርድ ተረሸኑ። ከመካከላቸው አንዷ ሳቢሃ ካሲማቲ ነበረች፤ የአገሯን የወንዝና የባሕር ዓሣ ዝርያ ስታጠና የኖረች ሳይንቲስት፣ በኮርቻው ሊሴ ከሆጃ ጋር የተማረች ሴት። ስለ ዓሣ የደከመችበት ጥናት ከሞተች በኋላ በሌሎች ሰዎች ስም ታተመ።

ስታሊን ሞቶ ክሩሽቾቭ ሲመጣ የሞስኮ ወዳጅነትም ሻከረ። ክሩሽቾቭ ከቲቶ ጋር መታረቅ ፈለገ፤ ለሆጃ ከዚህ የበለጠ ሞት አልነበረም። በኖቬምበር 1960 ሞስኮ ላይ፣ የዓለም ኮሚኒስት ፓርቲዎች በተሰበሰቡበት፣ ሆጃ ተነሥቶ ክሩሽቾቭን ፊት ለፊት ከላሽ (ሪቪዥኒስት) እያለ ነቀፈው። በቀጣዩ ዓመት የሶቪየት ባሕር ኃይል ከቭሎራ ወደብ ወጣ፤ አራት ሰርጓጅ መርከቦች ግን አልባኒያ አልለቅም ብላ አስቀረች። በዲሴምበር 1961 ኤምባሲዎቹ ተዘጉ። የቤት ውስጡ ሒሳብ ከዚያ ቀድሞ ተወራርዷል፦ የባሕር ኃይሉ አዛዥ ቴሜ ሴይኮ በሴራ ተከሶ በሜይ ወር ተረሸነ፤ የፖሊት ቢሮ አባል የነበረችው ሊሪ ቤሊሾቫ ወደ ግዞት ተላከች፣ ከግዞትም የወጣችው ሥርዓቱ ሲወድቅ ነው።

ከእነዚህ ይልቅ እኔን የሚያንገበግበኝ የሙሽሮቹ ነገር ነው። በሃምሳዎቹ ውስጥ ብዙ አልባኒያውያን ሞስኮ፣ ሌኒንግራድ፣ ፕራግ ተምረው ከዚያው ሚስት ይዘው ተመልሰዋል። ፓርቲው መርቆ ያጋባቸው ናቸው። ጠቡ ሲመጣ ግማሾቹ ሴቶች ልጅ ታቅፈው ወደ አገራቸው ተመለሱ። ትዳሬን አልፈታም ብለው የቀሩት ለክትትል ተዳረጉ፤ ሰላይ ተብለው የታሰሩም ነበሩ። በሁለት መንግሥታት መካከል የተጻፈ የተቃውሞ ደብዳቤ አንድ ጓዳ ገብቶ አልጋ ሲለይ ማለት ይህ ነው።

የቻይና ወዳጅነት ከሁሉም ረዘመ። በ1960ው ድርቅ ሞስኮ እህል ለመስጠት ስታቅማማ ቤይጂንግ ደረሰች፤ ከዚያም ፋብሪካ፣ ትራክተር፣ ብድር መጣ። አልባኒያም ውለታዋን መለሰች። በኦክቶበር 1971 የቻይና ሕዝባዊ ሪፐብሊክ የተባበሩት መንግሥታትን መቀመጫ የያዘችበት የውሳኔ ሐሳብ በሰፊው የሚታወቀው በአልባኒያ ስም ነው። አራት ወር አልሞላም፤ ኒክሰን ቤይጂንግ ወርዶ ከማኦ ጋር ተጨባበጠ። ሆጃ ደነገጠ። ወዳጅ ልትከዳው መሆኗን ሲያውቅ ጥርሱን ያሾለው በገዛ ልጆቹ ላይ ነው። በዲሴምበር 1972 በቴሌቪዥን የታየ የዘፈን ውድድር ቀለል ያለ የምዕራብ ዜማና አለባበስ ታይቶበታል ተብሎ አዘጋጆቹ ከሥልጣን ተባረሩ፤ የቴሌቪዥኑ ኃላፊ ቶዲ ሉቦንያ ታሰረ፣ የሃያ ሦስት ዓመት ልጁ ፋቶስም ተከተለው። ፋቶስ የወጣው ከአሥራ ሰባት ዓመት በኋላ ነው። ከዘፋኞቹ ወደ ጄኔራሎቹ ተዛወረ፦ የመከላከያ ሚኒስትሩ ቤቺር ባሉኩና ሁለት ባልደረቦቹ በ1975 ተረሸኑ። ከጄኔራሎቹ ወደ ኢኮኖሚስቶቹ ሄደ፤ የፕላኑ ኃላፊና የኢንዱስትሪው ሚኒስትር በ1977 ተከተሏቸው። በጁላይ 1978 ቻይና ርዳታዋን አቋረጠች። ያኔ ቲራና ውስጥ ከቻይና ጋር የሚያስታርቅ ሰው ቢፈለግ እንኳ በሕይወት የተረፈ አልነበረም።

ይህ ሁሉ በሕግ የተደገፈ ነው። የ1976ቱ ሕገ መንግሥት መንግሥት ከውጭ እንዳይበደር፣ የውጭ ኩባንያ አገር ውስጥ እንዳይሠራ በአንቀጽ 28 ከለከለ። ራስን መቻል በሩቅ ሲሰሙት ጣፋጭ ቃል ነው። ማሽኑ ሲሰበር መለዋወጫ የሚገዛበት ገንዘብ የለም፤ ትራክተሩ ሲቆም በሬ ይጠመዳል፤ በሰማንያዎቹ መጨረሻ ሰው ለወተትና ለሥጋ በውድቅት ተነሥቶ ይሰለፍ ነበር። ለሥርዓቱ የሚገባውን ልስጥ፦ ከጦርነቱ በፊት ከአምስት ሰው አራቱ ፊደል የማይቆጥርበት አገር ማንበብ ተማረ፣ የወባው ረግረግ ደረቀ፣ በ1970 መብራት ያልገባበት መንደር የለም ተባለ። ለእነዚህ ነገሮች የደከሙ ሐኪሞችና መምህራን ክብር ይገባቸዋል። ማንበብ የተማረው ሕዝብ የሚያነበው ግን አንድ ሰው የጻፈውን ብቻ ነበር።

በዚያ ዘመን በአልባኒያ ሰው የሚመዘነው በግል ታሪኩ ነበር። ቢዮግራፊ ይሉታል፤ መጥፎ ቢዮግራፊ ያለው፣ ጥሩ ቢዮግራፊ ያለው እየተባለ እንደ ደም ዓይነት ይቆጠራል። አያትህ ባለ መሬት ከነበረ፣ አጎትህ ወደ ዩጎዝላቪያ ከኮበለለ፣ አባትህ በስብሰባ ላይ ስለ ዳቦ ወረፋ ካጉረመረመ ዳፋው ለአንተ ይተርፋል። ዩኒቨርሲቲ አትገባም፤ የምትመደበው ማዕድን ወይም እርሻ ነው፤ የሚያጭህ አይገኝም። ሰው እያወቀ ልጁን ለመጥፎ ቢዮግራፊ አይድርም። ይህ ነገር ሚኒስትሩንም አልማረም። ለሃያ ሰባት ዓመት ጠቅላይ ሚኒስትር የነበረው፣ የሆጃ ቀኝ እጅ ሜህመት ሼሁ፣ በ1981 ልጁ አሜሪካ ዘመድ ያላትን ልጃገረድ አጨ። ማጨቱ የፖለቲካ ጥፋት ሆኖ በፖሊት ቢሮ ፊት ተከሰሰ። በዲሴምበር 17 ጠዋት መኝታ ቤቱ ውስጥ በጥይት ሞቶ ተገኘ፤ ራሱን ገደለ ተባለ። ወዲያው ደግሞ የአሜሪካ፣ የሶቪየትና የዩጎዝላቪያ ሰላይ እንደነበር ታወጀ፤ የሦስቱም፣ በአንድ ጊዜ። ሚስቱና ልጆቹ ታሰሩ። ሆጃ የተጣላቸውን ሦስት አገሮች በአንድ ሬሳ ላይ ጻፋቸው።

ይህን ሁሉ የሚመዘግበው ሲጉሪሚ የተባለው የፀጥታ መሥሪያ ቤት ነበር። ጆሮ ጠቢው ከሩቅ አይመጣም፤ የሥራ ባልደረባ፣ ጎረቤት፣ አንዳንዴ የእህት ባል ነው። የወንጀለኛ መቅጫ ሕጉ አንቀጽ 55 ለ«ቅስቀሳና ፕሮፓጋንዳ» ከሦስት እስከ አሥር ዓመት ያስቀጣ ነበር። ዳቦው ጠቁሯል ማለት ቅስቀሳ ነው። የኢጣሊያ ዘፈን ማንጎራጎር ቅስቀሳ ነው። ድንበር ማቋረጥ ግን ከዚያ ይብሳል፤ የአገር ክህደት ተብሎ እስከ ሞት ያደርሳል። በድንበሩ ላይ አጥር ታጠረ፤ ሲሸሽ የተገደለውን ሰው ሬሳ ማስፈራሪያ እንዲሆን መንደሩ መካከል ያሰጡት ነበር።

ሃይማኖት ከሁሉ የበለጠ ባዕድ ተደርጎ ታየ። ካቶሊኩ የሮም፣ ኦርቶዶክሱ የግሪክ፣ ሙስሊሙ የቱርክ እጅ ነው ተባለ። በ1967 ወጣቶች ዘመቱ፤ 2,169 መስጊድ፣ ቤተ ክርስቲያን፣ ገዳምና የዛውያ ቤት ተዘጋ ወይም ፈረሰ፤ ገሚሱ መጋዘን፣ ገሚሱ የስፖርት አዳራሽ ሆነ። አልባኒያ በዓለም የመጀመሪያዋ ሃይማኖት የለሽ መንግሥት መሆኗ በኩራት ተነገረ። በሰባዎቹ መጀመሪያ ሽትየፈን ኩርቲ የተባሉ አረጋዊ ካህን ሕፃን በማጥመቃቸው በሞት ተቀጡ። ሌላው ካህን ኤርነስት ሲሞኒ ግን ተርፈዋል። በ1963 የገና ዋዜማ ቅዳሴ እንደጨረሱ ተይዘው ሞት ተፈረደባቸው፤ ፍርዱ ተለውጦላቸው አሥራ ስምንት ዓመት በግዳጅ ሥራ፣ አብዛኛውን በስፓች የማዕድን ጉድጓድ አሳለፉ። እዚያ ውስጥ ቅዳሴውን በቃላቸው በላቲን ይደግሙ ነበር። ሲፈቱም የከተማ ፍሳሽ ቦይ ጠራጊ ተደረጉ። በ2014 ቲራና ላይ ታሪካቸውን ሲናገሩ ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ፍራንሲስ አቅፈዋቸው አለቀሱ።

ስፓች በሚርዲታ ተራሮች መካከል ያለ የመዳብና የፒራይት ማዕድን ነበር። ግቢው አጥር ባያስፈልገውም አጥር ነበረው፤ ዙሪያው ገደል ነው። ፒራይት ድኝ አለበት፤ ከጣሪያው የሚንጠባጠበው ውኃ ልብስና ቆዳ ይበላል። ኮታውን ያልሞላ እስረኛ ክረምት ላይ ከብረት ምሰሶ ጋር ይታሰራል። በሜይ 1973 እስረኞቹ አመፁ። ግቢውን ለሦስት ቀን ያዙ፤ ያደረጉትም አንድ ነገር ነው፦ ባለ ሁለት ራስ ንስሩን የአገራቸውን ባንዲራ የኮሚኒስቱ ኮከብ ሳይኖርበት ሠርተው ሰቀሉ። ያቺን ኮከብ በማጉደላቸው አራት ሰዎች ተረሸኑ፤ ብዙዎች ተጨማሪ ዓመት ተፈረደባቸው። ከሃዲ የተባሉት ሰዎች መጀመሪያ የፈለጉት ባንዲራቸውን መሆኑ እኔን ሁልጊዜ ያስቆመኛል።

ከውጭ ለመጣ እንግዳ ግን የሚታየው ስፓች አይደለም፤ ከሰባዎቹ ጀምሮ እንደ እንጉዳይ የበቀለው የሲሚንቶ ምሽግ ነው። በመቶ ሰባ ሺህ የሚቆጠር ምሽግ በእርሻ፣ በባሕር ዳር፣ በመቃብር ቦታ፣ በመኖሪያ ግቢ ሳይቀር ተሠራ። ሦስት ሚሊዮን ለማይሞላ ሕዝብ ነው። በዚያ ሲሚንቶና ብረት ስንት ቤት ይሠራ ነበር እያሉ አልባኒያውያን ዛሬም ይቆጫሉ። አንድም ወራሪ አልመጣም። ሌሊት ሌሊት የገባው የኢጣሊያ ቴሌቪዥን ሞገድ ብቻ ነው። ሰው ከቆርቆሮ ጣሳና ከሽቦ የስርቆሽ አንቴና ሠርቶ፣ መጋረጃ ጋርዶ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ያያል፤ ሊነጋ ሲል አንቴናውን አውርዶ ይደብቃል። አንድ ትውልድ ኢጣሊያንኛ የተማረው በዚህ መንገድ ነው።

ይህች አገር በእኛም ሰማይ ላይ ኮከብ ሆና ነበር። በሰማንያዎቹ አጋማሽ በሕወሓት ውስጥ የተቋቋመው የማርክሲስት ሌኒኒስት ሊግ ትግራይ (ማሌሊት) ሞስኮንም ቤይጂንግንም ከላሽ ብሎ ሲተው እውነተኛ ሶሻሊዝም የቀረው አልባኒያ ብቻ ነው የሚል አቋም ይዟል። ምክንያቱ ሊገባን ይገባል፦ ሞስኮ የደርግ ጦር መሣሪያ አቅራቢ ነበረች፤ ከሞስኮ ጋር ፊት ለፊት የተላተመች ትንሽ አገር ከዋሻ ውስጥ ለሚዋጋ ታጋይ ታጓጓለች። የሆጃ መጻሕፍት በየቋንቋው ይታተሙ፣ ሬዲዮ ቲራና በአጭር ሞገድ ይሰማ ነበር። ስፓች ግን በሬዲዮ አይወራም ነበር። ረሸን ከተማ መንገድ የምትጠርገውን ደራሲ ስም የሰማ ማንም አልነበረም። ወገኖቻችን ለድሆች መብት ሲሉ ሕይወታቸውን የሰጡ ናቸው፤ የራቀ አገር ሲታመን የሚጎዳው መጀመሪያ በዚያ አገር የታሰረው ሰው መሆኑን ግን የነገራቸው የለም። ከደርግ ጎን የተሰለፉትም ሌላውን ገነት፣ ሞስኮን፣ እንዲሁ በመጽሐፍ ነው ያወቁት።

ሆጃ በኤፕሪል 1985 ሞተ። ተተኪው ራሚዝ አሊያ በሩን ትንሽ ገርበብ አደረገው፤ ከኦክቶበር 1940 ጀምሮ በወረቀት ላይ የጦርነት ሁኔታ ውስጥ የነበረችው ግሪክ እንኳ ያን ሁኔታ ያነሣችው በ1987 ነው። በሩን በትክክል የከፈቱት ግን ስድስት ወንድማማችና እኅትማማች ናቸው። በዲሴምበር 1985 የፖፓ ቤተሰብ ልጆች፣ አባታቸው በመታሰሩ ቢዮግራፊያቸው የተበላሸ ምስኪኖች፣ ቱሪስት መስለው ቲራና ባለው የኢጣሊያ ኤምባሲ በር ገቡና ጥገኝነት ጠየቁ። መንግሥት ይውጡልኝ አለ፤ ሮም አሳልፌ አልሰጥም አለች። ኤምባሲው ተከበበ። ስድስቱ ሰዎች አራት ዓመት ከመንፈቅ በግቢው ውስጥ ኖሩ። የአውሮፓ መንግሥታት በጉባኤ ሲናገሩት የኖሩት የሰብአዊ መብት ጉዳይ ለመጀመሪያ ጊዜ ስም፣ ዕድሜና አልጋ ይዞ ከቲራና ጋር ጠረጴዛ ላይ ተቀመጠ። በሜይ 1990፣ የተባበሩት መንግሥታት ዋና ጸሐፊ ቲራና በመጡበት ሰሞን፣ እንዲወጡ ተፈቀደ።

ወሬው ተሰማ። ስድስት ሰው ከወጣ ሌላው ለምን አይወጣም? በጁላይ 2 ቀን 1990 አንድ ከባድ መኪና የምዕራብ ጀርመንን ኤምባሲ አጥር ደረመሰና ሰው እንደ ጎርፍ ገባ። በጥቂት ቀናት ውስጥ በጀርመን ግቢ ብቻ ከሦስት ሺህ በላይ፣ በሁሉም ኤምባሲዎች ወደ አምስት ሺህ ሰው ተጠለለ። ሕፃናት በአጥር ላይ ሲወረወሩ፣ ወታደሮች ቆመው ሲያዩ የሚያሳይ ፊልም አለ። በዲሴምበር ተማሪዎች ተነሡ፤ በፌብሩዋሪ 1991 በቲራና አደባባይ የነበረው የሆጃ ግዙፍ ሐውልት በገመድ ተስቦ ወደቀ። በኦገስት ወር ቭሎራ የተባለች የጭነት መርከብ ሃያ ሺህ ያህል ሰው እስከ ምሰሶዋ ጫፍ ድረስ ጭና ባሪ ወደብ ደረሰች።

ሥርዓቱ ወደ ስድስት ሺህ የሚጠጉ ሰዎች ረሽኗል፤ የታሰሩትና የተጋዙት በአሥር ሺዎች ይቆጠራሉ። የሲጉሪሚ ማኅደር በ2015 በወጣ ሕግ ለባለቤቶቹ ተከፍቷል፤ ማን እንደጠቆመባቸው፣ በየትኛው ቀን እንደተፈረደባቸው አሁን ማንበብ ይችላሉ። የአብዛኞቹ ሟቾች መቃብር ግን ወረቀቱ ላይ የለም። ማዘር ቴሬዛ በ1989 ሲመጡ ቢያንስ አበባ የሚያኖሩበት አፈር አገኙ። ሥርዓቱ ከወደቀ ከሠላሳ ዓመት በኋላም ሌሎቹ አልባኒያውያን አካፋ ይዘው ወንዝ ዳር፣ የጥንት እስር ቤት ጓሮ፣ የድሮ ወታደር የጠቆማቸው ኮረብታ ላይ ይቆፍራሉ። አጥንት ሲገኝ ለምርመራ ይወሰዳል፣ ቤተሰብ ደም ይሰጣል፣ ይጠብቃል። አንዳንዴ ይመሳሰላል።